ይበርዳል የተባለው ባና

ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ሰው ሁሉ አንድ ጥያቄ ነው የሚጠይቀኝ። «ጋሽ ደምሴ፣ ያን ያህል ዘመን ፍርድ ቤት ስትኖር ያየኸው ትልቁ ነገር ምንድን ነው?» ይሉኛል። ጠያቂው የሚጠብቀው የነፍስ ግድያ ነው፤ ካልሆነም የድንበር ጠብ፣ ካልሆነም ባልና ሚስት በዳኛ ፊት ፀጉር የተናጩበት ቀን። እኔ ግን «የብርድ ልብስ ጨረታ ነው» እላለሁ። ይስቃሉ። ይሳቁ፣ እኛም ያን ጊዜ ስቀናል። ብቻ እየሳቅንም እንሠጋ ነበር፤ የአንድ መንደር ሴቶች እንጀራ በዚያ ብርድ ልብስ ላይ ተንጠልጥሎ ነበርና።

ሥራዬ ምን እንደነበረ መጀመሪያ ልንገራችሁ። ደብረ ብርሃን ፍርድ ቤት፣ ችሎት በር ላይ ቆሜ ባለጉዳይ እጠራለሁ፣ ሰው ሲንጫጫ ጸጥ አሰኛለሁ፤ ችሎት በሌለ ቀን ደግሞ መጥሪያና ትእዛዝ በየሰው ቤት አደርሳለሁ። ትምህርቴ የሰው ስምና ቀበሌ ለማንበብ የሚበቃ ነው። ደመወዙን ተዉት፤ ከደመወዙ ይልቅ ጫማው ነበር የሚያሳስበኝ። ዛሬ መጥሪያ በስልክ ይሄዳል አሉ፣ ስም የሚጠራውም ድምፅ ማጉያ ሆኗል። ደግ ነው። ስልክ ውሻ አይነክሰውም፣ ጭቃም አይይዘውም። ብቻ ስልክ «ከብቶቹ እንዴት ናቸው?» ብሎ አይጠይቅም።

ሥራውን ያስተማረኝ ጋሽ ተክሌ ነው፣ ነፍሱን ይማረው። ረጅም፣ ቀጭን፣ ካፖርቱን በክረምትም በበጋም የማያወልቅ ሰው ነበር። ሥራ በገባሁበት ቀን በሩ ላይ አቆመኝና «እስቲ ጥራ» አለኝ። ጠራሁ።

«አይሆንም» አለ። «ከሳሹን ስትጠራ ድምፅህ ወፈረ፣ ተከሳሹን ስትጠራ ቀጠነ። ሰውየው ገና ሳይገባ ፈረድክበት እኮ!»

ወደ ጓሮ ይዞኝ ሄደና ለባሕር ዛፎቹ ስም እያወጣ ያስጠራኝ ጀመር። ይኸኛው አቶ እገሌ ነው፣ ያ ደግሞ ወይዘሮ እገሊት። አንዱን ዛፍ ከሌላው አስበልጬ ከጠራሁ እንደገና ያስጀምረኛል። ከአጥር ወዲያ የሚያልፍ ሰው ቆሞ ያየናል፤ ያማትብና ይሄዳል። ጋሽ ተክሌ ግድ የለውም። «መንግሥትና ደሀ ሲካሰሱም ድምፅህ አንድ ይሁን» ይለኝ ነበር፤ «አንተ ልታስተካክለው የምትችለው እሱን ብቻ ነው።»

መጥሪያ አደራረሱም ለብቻው ነው። ወረቀቱን በእጁ ይዞ አይታይም፤ ከካፖርቱ የውስጥ ኪስ ይከተዋል። ከአጥር ውጭ ቆሞ «ቤቶች!» ይላል። ውሻው እስኪታሰር ይጠብቃል። ይገባል፣ ይቀመጣል፣ ስለ ዝናቡ ይጠይቃል፣ ስለ ገብሱ ይጠይቃል፣ የቀረበለትን ይቀምሳል። የባለቤቱ ፊት ፈታ ሲል ያኔ «አንዲት ወረቀት ነበረችኝ» ይላል። እንዲህ አድርጎ ሰጥቶት አልቀበልም ያለ ሰው አላየሁም። እንዲያውም ጫጫ ላይ አንድ ገበሬ ፈርሞ ተቀብሎ፣ እስከ አስፋልቱ ሸኝቶን፣ «ሌላም ክስ ካለ እናንተው አምጡልኝ» ብሎናል።

ይኸው ጨዋነቱ ግን አንድ ቀን ጉድ አደረገን። በአንኮበር በኩል አንድ መሥሪያ ቤት የግንብ አጥር ሊያሠራ ጨረታ አውጥቶ፣ የድንጋይ ጠራቢዎች ማኅበር ያለ አግባብ ከውድድሩ ወጣሁ ብሎ ፍርድ ቤት መጣ። ዳኛው፣ ነገሩ ተጣርቶ እስኪወሰን ከአሸናፊው ጋር ውል እንዳይፈረም እግድ ሰጡ። እግዱን ጋሽ ተክሌና እኔ ይዘን ወጣን። ጉሙ መንገዱን ዘግቶታል። ረዳቱ ከመኪናው ወርዶ በእግሩ ፊት ፊት እየሄደ ነው ገደሉን የሚያሳየን። ደረስን ስንል ረፍዷል።

የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ በር ላይ ወጥተው ተቀበሉን። ጋሽ ተክሌ እንደ ልማዱ ሰላምታውን ጀመረ። ስለ ጉሙ ተነጋገሩ። ስለ ባቄላው ተነጋገሩ። አገርዎ ወዴት ነው ተባባሉና በሚስት በኩል ዝምድና ተገኘ። ዳቦ መጣ፣ ጠላ መጣ። ጋሽ ተክሌ አፉን ጠርጎ «አንዲት ወረቀት ነበረችኝ» ሲል፣ ከውስጠኛው ክፍል አንድ ሰው እስክሪብቶውን እየከደነ ወጣ። ውሉ ተፈርሟል። እኛ ዳቦ ስንቆርስ ነው የተፈረመው።

ኃላፊው አውቀው አዘናግተውን ይሁን፣ ወይስ የእውነት ዘመድ አግኝተው ደስ ብሏቸው፣ ዛሬም አላውቅም። ውል ከተፈረመ በኋላ ግን የጨረታ አቤቱታ የሚያደርሰው ቦታ የለም። ጠራቢዎቹ ደጅ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ይጠብቁን ነበር። ጋሽ ተክሌ ፊታቸው ሄዶ ቆመ። ታላቃቸው ፊቱን አይቶ ገባውና «ግድ የለም አባቴ፣ ጉሙ ነው ያዘገያችሁ» አለው።

ስንመለስ ጋሽ ተክሌ «ጉሙ በሆነ» አለኝ። ያ ማኅበር ተበተነ፤ ታላቃቸውን በኋላ አውቶቡስ ተራ ዕቃ ሲሸከም አይቼዋለሁ።

ከዚያ ወዲህ ጋሽ ተክሌ እግድ የያዘ ቀን ገና ከአጥሩ ሳይደርስ «እግድ! እግድ!» እያለ እየጮኸ ነው የሚገባው። ውሻ ቢመጣ በካፖርቱ እየመከተ ያስፈርማል። ሰላምታውን ከፊርማው በኋላ ይጀምራል፤ ያኔ ደግሞ የሚመልስለት ሰው የለም።

ጋሽ ተክሌ አረፈ፣ በሩ ለእኔ ቀረ። ዳኞች መጡ ሄዱ። ብርድ ልብሱ የመጣው በዳኛ ሠናይት ጊዜ ነው። ዳኛ ሠናይት የአረርቲ ልጅ ናቸው፤ ቆላ ያደገ ሰው ለደብረ ብርሃን ብርድ አልተፈጠረም። ከካባው ሥር ሹራብ፣ ከሹራቡ ሥር ሌላ ሹራብ ለብሰው ይሰየማሉ። ሲጽፉ ጣታቸው ላይ እፍ ይላሉ። በሕግ ነገር ግን ንቅንቅ የማይሉ ሴት ናቸው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ስሙን የማልጠራው አንድ የመንግሥት ማሠልጠኛ ለሠልጣኞቹ አልጋ ብርድ ልብስ ሊገዛ ጨረታ አወጣ። ተወዳዳሪ ሁሉ ናሙና አስገባ፤ የማን እንደሆነ እንዳይታወቅ ናሙናዎቹ ላይ ፊደል ተለጠፈ። «ሀ» የአንድ የከተማችን ነጋዴ የአቶ ግርማ ነበር። «ለ» ደግሞ ከመዘዞ የመጣ፣ የሴቶች ማኅበር ባና ነው። ሴቶቹ የበግ ፀጉር ይፈትላሉ፣ ባሎቻቸው ይሸምኑታል፣ ከዚያ ሁሉም ተሰብስበው በሙቅ ውሃ እየረገጡ ያጠብቁታል። ለዚህ ጨረታ ብለው የአገሩን ፀጉር ሰብስበው ቤት ሞልተው ነበር። ካልተሸጠ ማኅበሩ ማለት አበቃ፤ እያንዳንዷ የድርሻዋን ፀጉር ተሸክማ ወደ ቤቷ መሄዷ ነው።

የጨረታው ኮሚቴ ውጤቱን ሲናገር «ሀ» አሸነፈ። «ለ» ወደቀ። ምክንያቱ፦ ይበርዳል።

ሴቶቹ ለማሠልጠኛው ኃላፊ አመለከቱ፣ ቀጥሎም ለአቤቱታ ሰሚዎቹ አመለከቱ፤ ሁሉም «ኮሚቴው ጨርሷል» አሏቸው። በመጨረሻ ፍርድ ቤት መጡ። ዳኛዋ እግድ ሰጡ፤ እኔም ይዤ ሮጥኩ። ሰላም ሳልል አስፈረምኩ።

የችሎቱ ቀን የማኅበሩ ሊቀመንበር ወይዘሮ በለጥሻቸው ራሳቸው ቆሙ። ጠበቃ የለም። አጠር ያሉ ናቸው፣ ባናቸውን እንደ ጦር ዕቃ ደርበውታል።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ የእኛ ባና ይበርዳል ተባለ» አሉ። «ይበርዳል! በእኛ ባና በግ ቢጠቀለልበት ላብ ያጠምቀዋል!»

«በጉን በምስክርነት ቆጥረውታል?» አሉ ዳኛዋ።

«ካስፈለገ ይመጣል።» ወይዘሮ በለጥሻቸው ከትከሻቸው ያወርዱት ጀመር። «ደግሞ ለምን ሩቅ እንሄዳለን? ይኸው፣ አንድ ጊዜ ደረብ ያድርጉትና ይፍረዱ።»

ዳኛ ሠናይት ባናውን አዩት። ረዘም አድርገው ነው ያዩት። ያን ጠዋት ውጭ አመዳይ ነበር፤ እኔ በር ላይ ሆኜ «ይቀበሉት ይሆን?» ብዬ ነበር። አልተቀበሉም።

«ይልበሱት ወይዘሮ በለጥሻቸው» አሉ። «እኔ እዚህ የተቀመጥኩት ብርድ ልብስ ልመርጥ አይደለም። የትኛው ይሞቃል የሚለው የኮሚቴው ሥራ ነው። እኔ የማየው፣ ኮሚቴው እመርጥበታለሁ ብሎ በነገራችሁ መንገድ መርጧል ወይ የሚለውን ነው።»

ይህን ብለው እጃቸውን እጅጌያቸው ውስጥ ከተቱና ወደ ኮሚቴው ሰብሳቢ ዞሩ።

«ማስታወቂያችሁ የሚለው ክብደት፣ ቁመትና ወርድ፣ የሽመናው ጥብቀት ነው። ‹ይበርዳል› የሚለው ከየት መጣ? በምን ለካችሁት?»

ሰብሳቢው ጉሮሮውን ጠረገ። «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ተኝተንበት ነው።»

«ምን አሉ?»

«ናሙናዎቹን ተከፋፍለን በየቤታችን ሞከርናቸው። ብርድ ልብስ መቼም በሚዛን አይታወቅም፣ ክቡር ፍርድ ቤት። ተኝተውበት ነው እንጂ።»

እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ከኋላ ያለው ባለጉዳይ ሁሉ «ልክ ነው» ብሎ ራሱን ነቀነቀ። እኔም ነቀነቅሁ። በእኛ አገር ብርድ ልብስ የሚገዛ ሰው ለአንድ ሌሊት ይዋሰዋል፣ ካልሞቀው ይመልሳል። ዳኛዋ ግን ቆላ ነው ያደጉት።

«‹ሀ› ላይ ማን ተኛ?»

አንድ ወጣት ሒሳብ ሠራተኛ ተነሣ። «እኔ ነኝ።»

«ሞቆዎታል?»

«በጣም፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

«ምን ለብሰው ነው የሚተኙት?»

«ጃኬቴን ነው። ወንደላጤ ነኝ፣ ክቡር ፍርድ ቤት፤ ጃኬትና ካልሲ ለብሼ ነው የምተኛ።»

ሳቅ ተነሣ። «ጸጥታ!» አልኩ። ገና ድምፄ ሳይጠፋ ዳኛዋ «‹ለ›ስ?» አሉ። አቶ ዘሪሁን ተነሣ። የንብረት ክፍል ሠራተኛ ነው፤ ቀጭንና ትሑት፣ ጠዋት ጠዋት አፍንጫው ቀልቶ የማየው ሰው ነው።

«ይበርዳል ያሉት እርስዎ ነዎት?»

«አዎ፣ ክቡር ፍርድ ቤት። እውነት ለመናገር ሲያንቀጠቅጠኝ ነው ያደረው።»

«ብቻዎን ነበሩ?»

«ከባለቤቴ ጋር።»

«ባለቤትዎም በርዷቸዋል?»

አቶ ዘሪሁን መሬት መሬት አየ። «እሷ... ሞቋታል።»

«እንዴት አወቁ?»

«ብርድ ልብሱ እሷ ጋ ነበር፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

እንግዲህ ጸጥታ ማስከበር ሥራዬ ነው፤ ግን እኔ ራሴ ግድግዳ ይዤ ስስቅ ማን ማንን ጸጥ ያሰኛል? ወይዘሮ በለጥሻቸው ብቻ አልሳቁም። «እንግዲህ በዚህ ሰውዬ ሚስት ምክንያት ነው ማኅበሬ የሚፈርሰው?» አሉ። ያኔ ግድግዳውን ለቅቄ ቀጥ ብዬ ቆምኩ።

ዳኛዋ ወሰኑ። ኮሚቴው በክፋት አልተሳሳተም፤ ነገር ግን በመተኛት እመርጣለሁ ብሎ ለማንም አልተናገረም። ውጤቱ ተሽሯል። ናሙናዎቹ በማስታወቂያው መሠረት፣ ተወዳዳሪዎቹ ባሉበት ይመዘኑ፣ ይለኩ አሉ። ሴቶቹ በሩ ላይ እልል ሲሉ እየለመንኩ ዝም አሰኘኋቸው።

«አላሸነፍንም እንዴ?» አሉ ወይዘሮ በለጥሻቸው።

«እትዬ፣ የተሻረው መውደቃችሁ ነው። ማለፋችሁ ደግሞ ገና ነው።»

«ምን ዓይነት ነገር ነው ይኼ!» አሉና እልልታውን ራሳቸው አቋረጡት።

ጭንቅ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ናሙናዎቹ ይሰብሰቡ ሲባል «ሀ» መጣ፣ «ለ» የለም። አቶ ዘሪሁን ቢጠየቅ «ባለቤቴ አልሰጥም አለች» አለ። ናሙና የሌለው ተወዳዳሪ ደግሞ ይሰረዛል። ማሠልጠኛው ለፍርድ ቤት አመለከተ፤ ዳኛዋ ትእዛዝ ጻፉና ለእኔ ሰጡኝ።

«ቤቶች!» አልኩ ከአጥሩ ውጭ ሆኜ። የአቶ ዘሪሁን ባለቤት ወይዘሮ እቴነሽ ብቅ አሉ፤ ደልደል ያሉ፣ ቀይ ሴት ናቸው።

«ለባናው ነው የመጣህ?» አሉኝ።

«አዎ እመቤቴ።»

«ጎተተችኝ ብሎ ዳኛ ፊት ስሜን አንሥቷል አሉ። እኔ ነኝ የጎተትኩት? ወደ ግድግዳ የሚሸሸው እሱ!»

«እሱ ጉዳይ እንኳ ተዘግቷል።»

«ለእናንተ ነዋ የተዘጋው! ስማኝ አባባ፣ ያ ባና ከዚህ ቤት ከወጣ እኔም አብሬው እወጣለሁ።»

ትእዛዙን አውጥቼ አየሁት። «እዚህ የተጻፈው ባናው ብቻ ነው» አልኳቸው።

ሳይወዱ ሳቁ። ገብቼ ተቀመጥኩና ስለ መዘዞዎቹ ሴቶች ነገርኳቸው። ቤት ሙሉ ፀጉር እንደተከመረ፣ ባናው ሳይመዘን ከቀረ ሁሉም እንደሚበተኑ ነገርኳቸው።

«ይበርዳል ተብለው ነው የወደቁት?»

«አዎ።»

«ወይ ጉድ! እኔ ተመስገን እያልኩ ያደርኩበትን!» ብድግ አሉ። «ውሰደው እንጂ ታዲያ። መስጠቴ ካልቀረ ብዬ ትናንት አጥቤዋለሁ፤ እርጥብ ነው።»

«አጥበውታል?»

«የሰው ዕቃ ቆሽሾ ይመለሳል እንዴ? በፈላ ውሃ፣ በሳሙና!»

ወደ ጓሮ ወጣሁ። ናሙና «ለ» አጥሩ ላይ ተሰጥቶ ይንጠባጠባል። ማስረጃ አጥቦ የሚመልስ ሰው በሕግ ምን እንደሚባል አላውቅም፤ በእኛ አገር ባለሙያ ነው የሚባል። እኔን ያስፈራኝ ግን ሌላ ነው። የበግ ፀጉር የፈላ ውሃ ሲነካው ይሰበሰባል። በማስታወቂያው ከተባለው ልክ አንድ ጣት ካጠረ ወደቀ ማለት ነው፤ ከዚያ በኋላ የሚሽርላቸው ዳኛ የለም።

ለመለኪያው ቀን ሴቶቹ ከመዘዞ መጡ። ባናው ገና እርጥበት ስላልለቀቀው አቶ ግርማ «ውሃ ነው የምትመዝኑልኝ?» ብለው ተቆጡ፤ እውነታቸውን ነው። ፀሐይ ተጠበቀ። ጉም መጣ። እንደገና ፀሐይ ተጠበቀ። ወይዘሮ በለጥሻቸው ባናውን ዳበስ አደረጉት፣ አሸተቱት።

«ማነው ያጠበው?»

«የአቶ ዘሪሁን ባለቤት።»

«እጇ ይባረክ» አሉና መልሰው አሰጡት። ፈሪው እኔ ነኝ።

ሲደርቅ ሰብሳቢው ሜትሩን ዘረጋ። ልኩ ልክ ነው! አላጠረም። ወይዘሮ በለጥሻቸው እኔን እያዩ «የሚያጥረውንማ ያኔ ስንረግጠው እግራችን ሥር አጥሮ ጨርሷል» አሉኝ። ሚዛን ላይ ወጣ፣ አለፈ። «ሀ» ተመዘነ፤ ከተባለው ክብደት ቀለለ። በሁለተኛው ውጤት «ለ» አሸነፈ።

አለቀ ብላችሁ ይሆናል። አቶ ግርማ «የታጠበ ናሙና ናሙና አይደለም» ብለው በተራቸው ከሰሱ፣ ውሉንም አሳገዱ፤ መብታቸው ነው። መጥሪያውን ይዤ መዘዞ ስወጣ ወይዘሮ በለጥሻቸው ከሩቅ አይተውኝ «ደግሞ ማንን ከሰስን?» ብለው ጮኹ።

«አሁን የተከሰሳችሁ እናንተ ናችሁ፣ እትዬ። ከማሠልጠኛው ጋር በአንድ ላይ።»

«ከእነዚያ ተኝተው ከመረጡት ጋር? በአንድ ወገን?»

«በአንድ አግዳሚ ወንበር።»

እንደተባለውም ሆነ። በቀጠሮው ቀን አቶ ግርማ ከጠበቃቸው ጋር በዚህ በኩል፣ ወይዘሮ በለጥሻቸውና የኮሚቴው ሰዎች በዚያ በኩል ተቀመጡ። ቦታ ጠቦ ወይዘሮ በለጥሻቸውና አቶ ዘሪሁን ጎን ለጎን ሆኑ። መጀመሪያ አልተያዩም። ብርዱ ያን ቀን ለጉድ ነው፤ የአቶ ዘሪሁን ጉልበት አግዳሚውን እያንቀጠቀጠ ያንኳኳል። ዳኛዋ ውሳኔውን ማንበብ ጀምረዋል፦ ማጠቡ ሳይደበቅ ተነግሯል፣ ልኬታው አቶ ግርማ ባሉበት ተደርጓል፣ የእሳቸውም ናሙና የቀለለው ሳይታጠብ ነው...

ወይዘሮ በለጥሻቸው ዞር ብለው የሚንኳኳውን ጉልበት አዩት። ምንም ሳይናገሩ የደረቡትን ባና ዘርግተው ጫፉን እላዩ ላይ ጣል አደረጉለት። አቶ ዘሪሁን ደነገጠ። ትንሽ ቆይቶ እጁንም ከተተ። ቆይቶ ደግሞ ትከሻውን። ማንኳኳቱ ቆመ።

«ይሞቃል!» አለ፣ ጮክ ብሎ።

ዳኛ ሠናይት ማንበባቸውን አቆሙ። ካባቸውን ሰብሰብ አደረጉ። «ተጠሪ፣ ጸጥታ! ይህ ችሎት ስለ ሙቀት የሰማው ነገር የለም» አሉና ቀጠሉ። የአቶ ግርማ አቤቱታ ተቀባይነት አላገኘም፤ እግዱ ተነሥቷል፤ ማሠልጠኛው ከማኅበሩ ጋር ውሉን ይፈርም።

ሴቶቹን በዚህኛው እልልታ ማንም ዝም በሉ አላላቸውም፣ እኔም አላልኩም። ዳኛዋ ሲነሡ ቤቱ ሁሉ ተነሣ። አቶ ዘሪሁን ብቻ እንደተቀመጠ ቀረ። ወደ እሱ ሄጄ ጎንበስ አልኩና «ኧረ ተነሥ፣ ነውር ነው!» አልኩት።

«ጋሽ ደምሴ» አለኝ ከባናው ውስጥ ሆኖ፣ «እባክህ ትንሽ ልቆይ።»